ትራጄዲው የት ተፈጸመ?

የደጃዝማች ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት «ቴዎድሮስ» የተባለው ታሪካዊ ድራማ (1942 ዓ.ም.) ሲነሣ፣ ብዙዎቻችን የምናስበው መቅደላንና ሽጉጡን ብቻ ነው። እኛ በደብረ ታቦር የምንማር ተማሪዎች ግን ትራጄዲው አስቀድሞ እዚሁ ተፈጽሟል እንላለን። በጋፋት ሴባስቶፖልን ያሠሩት ንጉሠ ነገሥት፣ አገሩ ቢሸፍትባቸው በ1860 ዓ.ም. ደብረ ታቦርን አቃጥለው መድፉን ወደ መቅደላ አስጎተቱ። ለመድፉ የነደደው እሳት ለከተማውም ተረፈ። አንድነትን የተመኘ ንጉሥ የገዛ ከተማውን ሲያነድ ከማየት የበለጠ ምን ትራጄዲ አለ? እንግዲህ ጀግንነታቸውን ስናደንቅ ስሕተታቸውንም እንመርምር፤ ሕዝብ በኃይል ብቻ አንድ አይሆንምና። የቴአትር ክበባችንም ድራማውን በጋፋት ሜዳ ያሳየን። ፉከራው ብቻ ሳይሆን ለቅሶውም ይሰማ!