መኪና አምላክም አይደለም፤ ጋኔንም አይደለም

ከአንኮበር በስተምሥራቅ፣ ደጋው ወደ ይፋት ቆላ ከሚወርድበት ገደል ሥር አሊዩ አምባ የምትባል ከተማ አለች። ዛሬ ስሟን የሚያነሣት ጥቂት ነው፤ በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘመን ግን የሸዋ የንግድ በር እርስዋ ነበረች። የሐረር ነጋዴ፣ የአፋር ግመል ነጂ፣ አርጎባውና የደጋው ገበሬ ዐርብ ዐርብ በገበያዋ ይገናኙ ነበር። ከባሕር ጠረፍ የተነሣ ጓዝም ወደ ንጉሡ ከተማ የሚወጣው በእርስዋ በኩል ነበር።

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1841 ካፒቴን ኮርንዋሊስ ሃሪስ የሚመራው የእንግሊዝ መልእክት ከታጁራ ተነሥቶ በረሓውን አቋርጦ አሊዩ አምባ ገባ። ለንጉሡ ከተሸከመው ገጸ በረከት መካከል መድፍና 300 ጠብመንጃ ነበረበት፤ ይህም በደስታ ተቀባይነትን አገኘ። በዚያው ዘመን በአንኮበር አገር አንድ የባሕር ማዶ ጠቢብ ለንጉሡ በውሃ ኀይል የሚዞር ወፍጮ ሠርቶ ነበር። የጊዜው ተጓዦች እንደ ጻፉት ግን ካህናቱ ወፍጮውን የሰይጣን ሥራ ነው ስላሉት ብዙ ሳይፈጭ ቀረ።

ተጓዦቹ ባዕዳን ናቸውና ነገሩን አጋንነውት ይሆናል የሚል ቢኖር አንከራከረውም። ነገሩ እንደ ተጻፈው ከሆነ ግን አንድ ጥያቄ ሳንጠይቅ አናልፍም። የሰውን ሥጋ የሚበጣጥሰው መድፍ ያለ ተቃውሞ ሲገባ፣ የሴትን ክንድ የሚያሳርፈው ወፍጮ ስለ ምን ጋኔን ተባለ? መልሱ ከብረቱም ከእንጨቱም ዘንድ አይገኝም። መድፉ የሚጠቅመው ባለሥልጣኑን ነበር፤ ወፍጮው የሚጠቅመው ግን ከዶሮ ጩኸት በፊት ተነሥታ በድንጋይ ላይ የምታጎነብሰውን ሴት ነበር። እርስዋን በጉባኤ የጠየቃት አልነበረም። የማያውቁት አገር አይናፍቅም እንዲሉ፣ ወፍጮው ሲቀር የጮኸም ያለ አይመስለንም።

ይህን ያረጀ ነገር ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። ትናንት መኪናን ጋኔን የሚል ወገን እንደ ነበረ ሁሉ፣ ዛሬ ደግሞ መኪናን አምላክ የሚል ወገን ተነሥቷል። በአሜሪካ አገር አንቶኒ ለቫንዶውስኪ የተባለ፣ ያለ ነጂ የሚሄድ አውቶሞቢል በመሥራት የታወቀ መሐንዲስ «የመጪው ዘመን መንገድ» የሚል ቤተ እምነት አቋቁሞ፣ በ2017 የአውሮፓውያን ዓመት ነገሩ በጋዜጣ ተገለጠ። ዓላማው በሰው ሠራሽ አስተውሎት ላይ የቆመ አምላክ እውን እንዲሆንና እንዲመለክ ማድረግ ነበር። ቤተ እምነቱ በ2020 መጨረሻ ተዘጋ፤ ከ175,000 ዶላር የሚበልጠው ገንዘቡም ለጥቁር አሜሪካውያን መብት ለሚሟገት ድርጅት ተሰጠ። ይሁን እንጂ መሥራቹ በ2023 እንደገና አነሣዋለሁ ብሏል።

እንግሊዞችም «ዋርሃመር 40,000» በሚባለውና በ1987 በወጣው የጦርነት ጨዋታቸው የዚህን እምነት መልክ አስቀድመው በልብ ወለድ ሥለውት ነበር። በዚያ ታሪክ ቀይ ካባ የለበሱ፣ እንደ መነኮሳት ያሉ ሰዎች የመኪናን አምላክ ያመልካሉ፤ ብረቱን ቅዱስ ዘይት ይቀቡታል፤ ያጥኑታል፤ ይጸልዩለታል። የቀደመው ዕውቀት አብዛኛው ጠፍቶባቸዋልና፣ ጥገናው ራሱ ሥርዓተ አምልኮ ሆኗል። ይህ ተረት ከመሐንዲሱ ስብከት ይልቅ እውነተኛ ነው እንላለን፤ መኪና ወደ መንበር የሚወጣው ዕውቀት ከሚያልቅበት ስፍራ መሆኑን ያሳያልና።

የአገራችን መነኮሳት ግን በዚህ ነገር ሊያስተምሩን ይችላሉ። የባሕረ ሐሳብ ስሌት ለዘመናት በእጃቸው ኖሯል። አበቅቴውና መጥቅዑ በየዓመቱ ይወጣሉ፤ ሁለቱ ሲደመሩ ሁልጊዜ 30 ይሆናሉ፤ ከዚያም ጾሙና በዓሉ ቀኑን ያገኛል። ስሌቱ አይደክምም፣ አያዳላም፣ በትክክል ከተሠራም አይስትም። ሆኖም ለአበቅቴ የሰገደ መነኩሴ አልሰማንም። ሥርዓቱን የሚያውቅ ሰው ሥርዓቱን አያመልክም፤ ይሠራበታል እንጂ።

ይህ የሩቅ አገር ወሬ ነው፣ እኛን ምን አገባን የሚለን አንባቢ ይኖር ይሆናል። ስለዚህ ወደ ቤታችን እንመለስ። አንድ ገበሬ ከይፋት ቆላ ተነሥቶ፣ የትራንስፖርት ከፍሎ፣ ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ይሄዳል። ከመስኮቱ ጀርባ ያለው ጸሓፊ ቀና ሳይል «ሲስተም የለም» ይለዋል። በማግሥቱ ሲመለስ «ሲስተሙ አልተቀበለውም» ይባላል። ማን አልተቀበለውም? ስሙ ማን ነው? ይግባኝ የሚባለውስ ለማን ነው? ገበሬው ግን አይጠይቅም፤ እንደ ቁጣ የወረደ ነገር አድርጎ ተቀብሎት ይመለሳል። በስሕተት የገባው ፊደል የሰው ጣት የመታው ነው፤ የማያሠራው ደንብ ሰው የጻፈው ነው፤ የተቋረጠው መስመርም ሰው የሚጠግነው ነው። ይህ ሁሉ ሰው ግን «ሲስተም» በሚል አንድ ስም መጋረጃ ጀርባ ተሰውሯል። ቀይ ካባ ያልለበሰ የመኪና ካህን ማለት እንዲህ ያለው ጸሓፊ ነው።

ነገር ግን አዲሱ መኪና ይናገራል፣ ይጽፋል፣ ከእኛም ይልቅ ያውቃል ይሉናል። ብዙ ነገር መሥራቱን አንክድም፤ መብለጡ ግን ለስግደት ምክንያት አይሆንም። ግመል በበረሓ ከእኛ ይበልጣል፤ የአዋሽ ወንዝም በጕልበት ይበልጠናል። መኪናው የሚናገረውም ሰዎች ጽፈው ካስቀመጡት ክምችት የቀሰመውን ነው፤ የሰው ዕውቀትና የሰው ስሕተት አብረው ይወጡበታል። የምን ጽሑፍ እንደሚቀስም፣ ለማን እንደሚታዘዝና ትርፉ ለማን እንደሚገባ የሚወስኑት ባለቤቶቹ ናቸው። አምላክ ብለን የጠራነው ዕለት እነዚህን ባለቤቶች ከተጠያቂነት ነጻ እናወጣቸዋለን፤ አምላክን ማን ይከሳልና?

በይፋት ክርስቲያኑና እስላሙ ጐን ለጐን ኖረዋል፤ በዚህ ነገር መጻሕፍታቸው አንድ ቃል ናቸው። ነቢዩ ኢሳይያስ ከአንድ ግንድ ግማሹን አንድዶ እንጀራውን የጋገረበትን፣ በቀረው ጣዖት ጠርቦ የሰገደለትን ሰው ዘልፎታል። በቁርኣንም ኢብራሂም ጣዖታቱን ሰባብሮ ትልቁን ብቻ በመተው፣ የሚናገሩ ከሆነ ጠይቋቸው ብሎ ሕዝቡን አሳፍሯል። የዛሬው ጣዖት ሲጠየቅ የሚመልስ መሆኑ ፈተናውን አከበደው እንጂ ፍርዱን አልለወጠውም፤ ዛሬም የሰው እጅ ሥራ ነው።

እንግዲህ የምንጠይቀው ትንሽ ነገር ነው። አዲስ መኪና በደጃችን በገባ ቍጥር አራት ነገር እንጠይቅ፦ ማን ሠራው? ማን ያዘዋል? የማንን ክንድ ያሳርፋል? በተሳሳተ ጊዜስ የሚጠየቀው ማን ነው? የሰነፍ ጸሓፊ አፍ «ሲስተሙ» ባለ ጊዜም፣ ከሲስተሙ ጀርባ ያለው ኀላፊ ስሙን ይንገረን።

ለዚህ ምሳሌ ፍለጋ ባሕር መሻገር አያስፈልገንም። ያ የአንኮበር ወፍጮ ጋኔን ተብሎ ቢቀርም፣ ዛሬ በደጋውም በቆላውም የሞተር ወፍጮ ይፈጫል። ሴቲቱ እህሏን አስፈጭታ ትመለሳለች፤ የሚረግመውም የሚሰግድለትም የለም። ሲሰበር ጠጋኝ ይጠራል፤ ሚዛኑ ሲያጐድል ደግሞ የሚሟገቱት ከባለቤቱ ጋር ነው እንጂ ከድንጋዩ ጋር አይደለም።