ነጋዴው ከንቲባና የበርሚንግሃም ካዝና፦ ለአንድ የተለመደ አመለካከት ምላሽ

ከተማ እንደ ንግድ ድርጅት ይመራ የሚሉ ሰዎች ማስረጃ ሲጠየቁ ቶሎ ከሚጠሯቸው ስሞች አንዱ የእንግሊዛዊው ጆሴፍ ቻምበርሌን ነው። ትረካው የታወቀ ነው። በብሎን ፋብሪካ የከበረው ሰው በ1873 የበርሚንግሃም ከንቲባ ሆነ (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)፤ የሒሳብ አዋቂነቱን ይዞ ማዘጋጃ ቤት ገባ፤ ሦስት ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥም የከተማዋን ጋዝና ውሃ በሕዝብ እጅ አስገባ። ከዚህ ተነስተው የከተማን ካዝና ለነጋዴ መስጠት ይበጃል ይላሉ። ይህን ድምዳሜ አልቀበለውም። የሰውዬውን ሥራ ማሳነሴ አይደለም፤ ሥራው ራሱ ሲመረመር የሚመሰክረው ሌላ ነው። ቻምበርሌን የተሳካለት የንግድ ስሌት የት ላይ መቆም እንዳለበት ስለለየ ነው። ስሌቱ ሳይቆም በቀረበት ቦታ ደግሞ ዋጋውን የከፈለው ድሃው ነው።

ቻምበርሌን በ1836 ለንደን ተወለደ። አባቱ ኔትልፎልድ በተባለ ዘመዳቸው የብሎን ፋብሪካ ውስጥ ገንዘብ አግብተው ነበርና፣ ድርሻቸውን እንዲጠብቅ በ18 ዓመቱ ወደ በርሚንግሃም ላኩት። ፋብሪካው ጫፉ የሾለ የእንጨት ብሎን የሚያመርት የአሜሪካ ማሽን የፈጠራ መብት ገዝቶ ነበር። ቻምበርሌን ሽያጩንና መዝገቡን ይዞ ተወዳዳሪዎችን አንድ በአንድ ከገበያ አስወጣ። በ1869 የከተማው ምክር ቤት አባል ሆነ። ነጋዴ ከንቲባ እያሉ የሚያወድሱት ሰዎች የሚዘሉት አንድ ነገር አለ፦ በከንቲባነት በተቀመጠ በዓመቱ፣ በ1874፣ ከንግዱ ወጥቷል። የከተማዋን ሥራ የሠራው በአመዛኙ ነጋዴነቱን ከተወ በኋላ ነው።

ከእሱ በፊት ምክር ቤቱን የያዙትስ እነማን ነበሩ? ነጋዴዎች ነበሩ። በ1850ዎቹ የበርሚንግሃም ምክር ቤት «ቆጣቢዎች» በሚባሉ ሰዎች እጅ ነበር። መሪያቸው ጆሴፍ ኦልዴይ ሲሆን ከነሱም ብዙዎቹ ባለሱቆች ነበሩ። ዉድማን በተባለ መጠጥ ቤት እየተሰበሰቡ ይመክሩ ነበር። ሳንቲም አያባክኑም፤ ብድር ይፈራሉ፤ የቤት ግብር እንዳይጨምር እንደ ግል ኪሳቸው ይጠብቃሉ። የፍሳሽ መውረጃውና የመንገዱ ሥራ በዚህ ቁጠባ ተጎዳ። እንግዲህ ነጋዴነት ቻምበርሌንን የሚያብራራ ከሆነ ኦልዴይንም ማብራራት ነበረበት። የታሪክ ተመራማሪው ኢ. ፒ. ሄኖክ የበርሚንግሃምንና የሊድስን ምክር ቤቶች አባላት ማንነት መርምሮ፣ በበርሚንግሃም ትልልቅ ባለሀብቶች ወደ ምክር ቤቱ መግባታቸው ለውጥ እንዳመጣ አሳይቷል። በዚህ እስማማለሁ፤ በትልቅ ካፒታል መሥራት የለመደ ሰው ትልቅ ብድር አያስደነግጠውም። ነገር ግን ብድሩ ለምን ይዋል የሚለውን የካፒታል መጠን አይመልስም። መልሱ የመጣው ከሰባኪዎች ነው። ጆርጅ ዶሰንና አር. ደብሊው. ዴል ከተማን ማገልገል የሃይማኖት ግዴታ ነው እያሉ ለዓመታት አስተምረው ነበር፤ የዩኒቴሪያን እምነት ተከታይ የነበረው ቻምበርሌንም በበርሚንግሃም የኖረው በዚህ ዓይነት ስብከት መሀል ነው።

የጋዙ ጉዳይ የተከራካሪዎቼ ጠንካራ ማስረጃ ነው። ከተማዋን ሁለት ኩባንያዎች ያበሩላት ነበር። ሁለቱን ለመግዛት ወደ 2 ሚሊዮን ፓውንድ ያስፈልግ ነበር፤ የከተማዋ ዕዳ ግን እስከዚያ ድረስ ግማሽ ሚሊዮን ገደማ ብቻ ነው። ቻምበርሌን ለሚያመነቱት አባላት፣ ከፈራችሁ ለእኔ አከራዩኝና በዓመት 20,000 ፓውንድ ልክፈላችሁ እስከ ማለት ደረሰ። በመጀመሪያው ዓመት 34,000 ፓውንድ ትርፍ ተገኘ። ድፍረቱ የነጋዴ ድፍረት ነው፤ ይህን አልክድም። ትርፉ ግን ከየት መጣ? ከተማ ከኩባንያ ይልቅ በዝቅተኛ ወለድ ይበደራል፤ ዋስትናው የነዋሪው ግብር ነው፤ አበዳሪውም ከተማ ነገ ከስሮ አይዘጋም ብሎ ያምናል። ሁለቱን ድርጅቶች አንድ ያደረገውም የፓርላማ ሕግ ነው። ከእነዚህ አንዱም የነጋዴ ንብረት አይደለም። ማንቸስተር በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ፣ ግላስጎው ደግሞ በ1869 ጋዙን በማዘጋጃ ቤት እጅ አስገብተው ነበር። የትርፉ አጠቃቀምም ሌላ ነው፦ የበርሚንግሃም ሙዚየምና የሥነ ጥበብ ማሳያ በ1885 የተከፈተው ከጋዝ መምሪያው ቢሮዎች በላይ በተሠራ ፎቅ ላይ ነው።

ወደ ውሃው ስንመጣ ልዩነቱ ፍንትው ይላል። የውሃ ኩባንያው በ1,350,000 ፓውንድ ተገዛ፤ በ1876 መጀመሪያ ከተማው ተረከበው። ቻምበርሌን ጋዝ ትርፍ ያምጣ፣ ውሃ ግን አያምጣ ብሎ በግልጽ ተናግሯል፤ ከውሃ የሚገኝ ትርፍ ቢኖር ዋጋውን ለማውረድ እንዲውል ነው የፈለገው። ብዙ ድሃ ነዋሪ በቆሻሻ የተበከለ የጉድጓድ ውሃ ይጠጣ ነበር። ለፓርላማው ኮሚቴም የሕይወትና የሞት ሥልጣን በአክሲዮን ባለቤቶች እጅ መቅረት የለበትም ብሎ ተከራከረ። እስቲ ይህ ውሳኔ ከየትኛው የንግድ መዝገብ ይወጣል? ሁለቱ ግዢዎች የተፈጸሙት በአንድ ሰው መሪነት በአንድ ወቅት ነው፤ ሁለቱም አገልግሎቶች በቧንቧ የሚሄዱ፣ ተወዳዳሪ የሌላቸው ናቸው። በንግድ ዓይን የሚለያያቸው ነገር የለም። የለያያቸው አንደኛው ሲቀር ሰው የሚጨልምበት፣ ሌላኛው ሲቀር የሚሞትበት መሆኑ ነው።

የመሀል ከተማውን ማሻሻያ ግን በዚህ ሚዛን ሳየው ያሳዝነኛል። በ1875 የወጣው የሠራተኞች መኖሪያ ሕግ ለጤና ጠንቅ የሆኑ ሰፈሮችን ገዝቶ ማፍረስን ፈቀደ። ቻምበርሌን ከኪሱ 10,000 ፓውንድ አዋጥቶ ሥራውን አስጀመረ። ከፍርስራሹ የወጣው ኮርፖሬሽን ጎዳና የተባለው ሰፊ የገበያ መንገድ ነው። ከተማው መሬቱን ሳይሸጥ ለ75 ዓመት አከራየ። ከኪራይና ከመሬት ዋጋ አንጻር ውሳኔው ብልህ ነው። ነገር ግን ሕጉ የወጣላቸው ሰዎች የታሉ? ቤታቸው የፈረሰባቸው ድሆች በብዛት ወደ ሌሎች የተጨናነቁ ሰፈሮች ተገፉ፤ በምትኩ የተሠራላቸው ቤት እጅግ ጥቂት ነበር። ሦስቱን ሥራዎች እንደ አንድ ስኬት የሚቆጥር የሕይወት ታሪክ ይህን ይሸፍናል፤ ከንግድ አሠራር ጋር በጣም የሚመሳሰለውም ይኸው ሥራ ነው።

ሌላም የማይነገር ነገር አለ። ቻምበርሌን በ1876 ለፓርላማ ተመርጦ ከንቲባነቱን ለቀቀ። የውሃ ፍላጎት እየጨመረ ሲሄድ ምክር ቤቱ በ1892 ከዌልስ የኢላን ሸለቆ ውሃ የሚያስመጣበት ሕግ አስወጣ፤ ግድቦቹን አሠራ፤ ውሃው ከመቶ ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ በ1904 በርሚንግሃም ገባ። ያን ጊዜ የከተማዋን ወንበር የያዘው ቻምበርሌን አልነበረም። ዕዳውን የተሸከመው፣ መሐንዲሶቹን የቀጠረው፣ ሥራውን ያስፈጸመው ውሃውን በባለቤትነት የያዘው ምክር ቤት ነው።