«ወተትሽ አይበቃውም»

ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ባለው ገጠር ላም ስትወልድ ገበሬው እንገሯን ለጥጃው ይተዋል፤ እንገር ያልጠባ ጥጃ እንደማይጠነክር ያውቃል። በዚያው ግቢ ሴት ስትወልድ ግን የራሷ እንገር «ሆድ ያሳምማል» ተብሎ መሬት ላይ የሚፈስበት ቤት ዛሬም አለ። ጨቅላውን ቅቤ ወይም የስኳር ውሃ ያቀምሱታል። ለጥጃ የታወቀ እውነት ለሰው ልጅ ሲሆን ለምን ይረሳል?

ሥሩ በእናት ጡት ላይ ያለን ጥርጣሬ ነው። አመሻሽ ላይ ሕፃኑ ሲነጫነጭ፣ ጡቱን ይዞ ሲለቅ፣ አማቷ፣ ጎረቤቷ፣ አንዳንዴም ባሏ «ወተትሽ አይበቃውም» ይላሉ። ቃሉ ከአዘኔታ እንደሚወጣ አውቃለሁ። አብዛኛውን ጊዜ ግን ሐሰት ነው፤ ጉዳቱም ከባድ ነው።

የሕፃን ልቅሶ እስከ 6ኛው ሳምንት አካባቢ እየበረታ ሄዶ ከዚያ ይቀንሳል፤ በደንብ የጠገበ ልጅም በዚህ ዕድሜ ያለቅሳል። ጨቅላ በቀንና በሌሊት ከ8 እስከ 12 ጊዜ ይጠባል፤ ማታ ማታ ደግሞ አከታትሎ ይፈልጋል። ይህ የጡት ባዶነት ምልክት አይደለም። ወተት በተጠባ ቁጥር ይመረታልና፣ ሕፃኑ በመጥባቱ ለነገ ያዛል። ጡጦ ሲሰጠው ትእዛዙ ይቀራል፤ ወተቱም በእውነት ይቀንሳል። ያን ጊዜ «ብለን ነበር» ይባላል። ፍርዱ ራሱን እውነት ያደረገው እንዲህ ነው።

መዘዙ በዚህ አያበቃም። በውሃ የቀጠነ የላም ወተት ባልተቀቀለ ጡጦ ሲሰጥ ተቅማጥ ያመጣል። ተቅማጡ «ግግ ነው» ይባልና ያልበቀለ ጥርስ በስለት ይወጣል። ከአንድ አመሻሽ ልቅሶ ተነስተን ደም ላይ ደረስን።

በ2008 ዓ.ም. የተካሄደው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ጡት ብቻ ማጥባት ቶሎ እንደሚቋረጥ በአገር ደረጃ አሳይቶናል፤ እስከ ሁለተኛ ወራቸው ድረስ ካሉ ሕፃናት 74 በመቶው ጡት ብቻ ሲጠቡ፣ 4 ወይም 5 ወር የሞላቸው ግን 36 በመቶ ብቻ ነበሩ። እናቶቹ የጀመሩትን መንገድ ላይ የሚያስጥላቸው ነገር አለ ማለት ነው።

እዚህ ላይ ትችቴ የጤና ትምህርቱንም ይነካል። «እስከ 6 ወር ጡት ብቻ» የሚለው መልእክት ትክክል ነው፤ ግን ለእናት ግዴታውን ነግሮ በ3ኛው ሳምንት፣ ልጁ በሚጮህበት ምሽት ብቻዋን ይተዋታል። ልጁ የጡቱን ጫፍ ብቻ ሳይሆን ጠቆር ያለውን ዙሪያም አፉን ሞልቶ መጉረሱን አይቶ የሚያስተካክልላት ሰው ያስፈልጋታል። መልእክቱን መስማት ያለባት ደግሞ እሷ ብቻ አይደለችም፤ አማቷም ባሏም ናቸው።

ወተት በእርግጥ የሚያንሳቸው እናቶች አሉ፤ በወሊድ ጊዜ ብዙ ደም የፈሰሳት አንዷ ናት። መለያው ግን ልቅሶ አይደለም። ከ5ኛው ቀን በኋላ በቀን ቢያንስ 6 ጊዜ የሚሸና፣ ክብደቱ የሚጨምር ልጅ እየጠገበ ነው። ሽንቱ ካነሰ፣ ከደከመ፣ ለመጥባት ካልነቃ ሳይውል ሳያድር ጤና ጣቢያ ይሂድ።

ምግብ ያነሳት እናት እንኳ አብዛኛውን ጊዜ በቂ ወተት ትሰጣለች፤ ዋጋውን የምትከፍለው ከገዛ ሰውነቷ ነው። የአራስ ቤቱ ገንፎና አጥሚት ካለቀ በኋላ ግን ውሃ፣ እንጨት፣ አረምና ገበያ ይጠብቋታል። ከልጇ ርቃ በዋለች ቁጥር መጥባቱ ይቀንሳል፤ ወተቱም ይከተላል። ስለዚህ ነገ ማታ ሕፃን ሲያለቅስ ጡጦ ፍለጋ የሚዘረጋው እጅ የእናቲቱን ጀሪካን ያንሳላት፤ እሷ ትቀመጥና ልጇን ታጥባው።