ባሕሩ የእኛም ነው



በማኅበራዊ አገልግሎት ሥራችን ከአዲስ ገቢ ቤተሰቦች ጋር ስንነጋገር ደጋግመን የምንሰማው አንድ አነጋገር አለ፤ ይኸውም «ዋና የእኛ ስፖርት አይደለም፤ የእኛ ልጅ ይሩጥ» የሚል ነው። ይህን የሚለው ወላጅ ብቻ አይደለም። አንዳንድ አሠልጣኝና መምህርም የልጃችንን መልክ አይቶ «አንተማ ሯጭ ነህ» ይለዋል። እኛ ይህን አነጋገር አጥብቀን እንቃወማለን።

ሩጫን አንጠላም። ማሩ ተፈሪ በ2023 በቡዳፔስት የዓለም ሻምፒዮና በማራቶን የብር ሜዳሊያ ሲያገኝ እልል ያልነው እኛው ነን። የምንቃወመው ለአንድ ሕዝብ አንድ በር ብቻ ከፍቶ ሌላውን መዝጋትን ነው።

ለመሆኑ ውሃ ለእኛ ባዕድ የሆነው ከመቼ ወዲህ ነው? በጎንደር አባቶቻችንና እናቶቻችን የመንጻት ሕጋቸውን የሚፈጽሙት በሚፈስ ውሃ ውስጥ በመጥለቅ ስለነበር፣ መንደራቸውን የሚመሠርቱት ወንዝ አጠገብ ነበር። «ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል» የተባለውም ውሃን ከሚያውቅ ሰው አፍ ነው። ምክሩ «አትግባ» ሳይሆን «ዐውቀህ ግባ» ማለት ነው።

የረጅም ርቀት የባሕር ዋናተኛ ሕይወት ምን እንደሚመስል እንመልከት። አብዛኞቹ አማተሮች ናቸው፤ ደመወዝ አያገኙበትም። ቀን ሥራቸውን ይሠራሉ፤ ልምምዳቸው ጎሕ ሲቀድ ነው። ሰውነታቸውን ከቅዝቃዜው ጋር ቀስ በቀስ ያለማምዳሉ። ብቻቸውን አይገቡም፤ ከሩቅ እንዲታዩም ደማቅ ቀለም ያለው ተንሳፋፊ ከወገባቸው ያስራሉ። በሰኔና በሐምሌ የሜዱዛን መለብለብ ይችላሉ። በእንግሊዝና በፈረንሳይ መካከል ያለውን ኢንግሊሽ ቻናል የሚሻገሩት 33 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲዋኙ ጀልባ አብሯቸው ይሄዳል፤ ምግብና መጠጥም ያቀብላቸዋል። ነገር ግን ጀልባውን ከያዙ ዋናው አይቆጠርላቸውም። ይህ ሁሉ የሚጠይቀው ትዕግሥት ነው። ሱዳን ድረስ በእግሩ ለተጓዘ ወገን ትዕግሥት አዲስ ትምህርት ነውን?

ያንን ቻናል በ1926 ከሴቶች የመጀመሪያ ሆና የተሻገረችው ገርትሩድ ኤደርሌ የስደተኛ ልጅ ነበረች። አባቷ ከጀርመን ኒው ዮርክ የገቡ የልኳንዳ ነጋዴ ነበሩ። በልጅነቷ ኩፍኝ ይዟት ጆሮዋ ተጎድቶ ነበር። በ1925 ሞክራ አልተሳካላትም። በዓመቱ ግን በ14 ሰዓት ተኩል ገደማ ተሻግራ የወንዶቹን ክብረ ወሰን በሁለት ሰዓት ያህል አሻሻለችው። «የስደተኛ ልጅ፣ ያውም ሴት» ብሎ የሚንቅ ካለ ይህን ያስብ።

«ልጄ ቢሰምጥስ?» ትሉናላችሁ። ፍርሃታችሁ እውነት ነው፤ መፍትሔው ግን ክልከላ አይደለም። አሽዶድ ላይ ባሕሩ ቅርብ ነው። ብንከለክለውም ልጁ ከጓደኞቹ ጋር መሄዱ አይቀርም፤ የሚሄደውም ማጺል ወደሌለበት ዳርቻ ይሆናል። ነጭ ባንዲራ ባሕሩ የተረጋጋ መሆኑን፣ ቀይ አደገኛ መሆኑን፣ ጥቁር ደግሞ መግባት ክልክል መሆኑን ማን ነገረው? ወደ ውስጥ የሚስብ ውሃ ሲይዘው ያልተማረ ልጅ ፊት ለፊት ታግሎ ይደክማል። የተማረው ግን ከዳርቻው ጋር ትይዩ ሆኖ ወደ ጎን ይዋኝና ከስበቱ ሲላቀቅ ይመለሳል። በታልሙድም አባት ለልጁ ያለበት ግዴታ ሲዘረዘር ዋና ማስተማርን የሚጨምሩ ሊቃውንት አሉ።

ስለ ጨዋነት የምትጨነቁ እናቶችም ልክ ናችሁ። ነገር ግን ወንድና ሴት ተለይተው የሚዋኙበት ዳርቻ በከተማችን አለ፤ ለገንዳም እንዲሁ የተለየ ሰዓት መጠየቅ መብታችን ነው።

እንግዲህ የምንጠይቀው ግልጽ ነው። ከተማው በየሰፈሩ ማታናስ በኩል አቅማችን የሚችለውን ክፍያ ያውጣ፤ ትምህርቱ በሰንበት አይሁን፤ ከወጣቶቻችን መካከልም አሠልጣኞች ይሠልጥኑ። ማኅበራችንም ለሩጫ ውድድር የሚመድበውን ያህል ገንዘብ ለዋና ይመድብ። ወላጆች ደግሞ ልጆቻችሁን በክረምቱ አስመዝግቡ፤ የባሕሩ ወራት እስኪገባ አትጠብቁ።

ከ70 ዓመት በላይ በቆየው የኪኔሬት መሻገሪያ ዋና ላይ ሽማግሌውም ልጁም በሺህ ሆኖ ይዋኛል፤ ውድድር ስላልሆነ መቅደም አያስፈልግም። ከአሽዶድ የሚሄድ የእኛ ቤተሰቦች ቡድን እዚያ ማየት እንፈልጋለን። ስም ለማስመዝገብ ቢሯችን ክፍት ነው።