በማን ዓይን?

ሰሞኑን በመኝታ ክፍላችን የተነሳው ክርክር እስከ እኩለ ሌሊት አላስተኛንም። ነገሩ የመጣው ከፊልም ነው። ከመካከላችን አንዱ ፒተር ሞርጋን የሚባለውን እንግሊዛዊ የፊልም ጸሐፊ እያወደሰ ቆየና፣ «የታላላቆችን ሕይወት እንዲህ ገልጦ የሚጽፍ ደፋር ለእኛ መቼ ይወለድልን ይሆን?» አለ። እኛ ከቡሬና ከፍኖተ ሰላም አካባቢ የመጣነው የዳሞት ልጆች ይህን ሰምተን ዝም ማለት አልቻልንም።

እርግጥ ሰውየው ደፋር ነው፤ አንክድም። እ.ኤ.አ. በ2003 ቶኒ ብሌር ሥልጣን ላይ ተቀምጦ ሳለ፣ ከጎርደን ብራውን ጋር የተከፋፈሉትን ሥልጣን ለቴሌቪዥን ጻፈው። በ2006 «ዘ ኩዊን» ሲወጣ ንግሥት ኤልሳቤጥ በዙፋናቸው ላይ ነበሩ። ዳያና በሞተችበት ሳምንት በቤተ መንግሥቱ ጓዳ የተባለውን ሞርጋን የት ሰማው? ፈጥሮ ጻፈው እንጂ! ግን ማንም አላሰረውም፣ ማንም አላጋዘውም።

የእኛውስ? የአቸፈሩ አቤ ጉበኛ የሉሙምባን አሟሟት ቲያትር አድርጎ ጽፏል። የቴዎድሮስን ሕይወት «አንድ ለናቱ» ብሎ በ1961 ዓ.ም. አሳትሟል። «አልወለድም» ግን ታገደበት፤ ኋላም ራሱ ወደ ኢሉባቦር ተጋዘ። ስለዚህ ጓደኛችን ሆይ፣ ደፋሩ ተወልዶልን ነበር። የት እንደደረሰ ጠይቅ።

ከሞርጋን ጋር ያለን ጠብ ሌላ ነው። በዚያው በ2006 ከጄረሚ ብሮክ ጋር ሆኖ፣ የጃይልስ ፎደንን ልብ ወለድ ይዞ፣ የኢዲ አሚንን ፊልም ጻፈ። በቀጣዩ ዓመት የኦስካር ሽልማት ሌሊት ንግሥቲቱን የተጫወተችው ሔለን ሚረንም፣ አሚንን የተጫወተው ፎረስት ዊተከርም አሸነፉ። አንድ ጸሐፊ የተሳተፈባቸው ሁለት ፊልሞች በአንድ ሌሊት! ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን ፊልሙን ያየ ሰው ያስተውል፤ የዩጋንዳን መከራ የምናየው በማን ዓይን ነው? በአንድ ወጣት ስኮትላንዳዊ ሐኪም ዓይን። ይህ ሐኪም ደግሞ በምድር ላይ ያልነበረ፣ የልብ ወለድ ሰው ነው። የሞተው ዩጋንዳዊ፣ የምንጨነቀው ግን ሐኪሙ አውሮፕላኑን ይደርስበት ይሆን እያልን! ለእንግሊዝ ንግሥት ስትሆን የራሷ ዓይን ይበቃል፤ ለካምፓላ ሰው ግን አስተርጓሚ ያስፈልገዋል ማለት ነው?

ይህ ነገር የሚያንገበግበን ያለ ምክንያት አይደለም። በየካቲት 1933 ዓ.ም. ማብቂያ ጣሊያን ቡሬን ለቆ ወደ ደምበጫ ሸሸ። የእንግሊዝ መጻሕፍት ይህን የኮሎኔል ዊንጌት ጀብዱ አድርገው ያወሩታል፤ ሁለት ሺህ ያህል ሰው ይዞ በቁጥር የሚበልጠውን ጠላት አስደነገጠ ይላሉ። የእኛዎቹ ደግሞ የንጉሡ መመለስ ታሪክ ያደርጉታል። ነጋሽ በዛብህና መንገሻ ጀምበሬ በአንድ መስመር ያልፋሉ። አምስት ዓመት ሙሉ ስንቅ ያቀበለው፣ ጎተራው የተቃጠለበት ገበሬ ግን ያችን አንድ መስመር እንኳ አላገኘም።

«ነጭ የሌለበትን ፊልም ማን ገንዘብ ያወጣበታል?» ተባልን። ይህ የነጋዴ መልስ ነው፤ የሥነ ጽሑፍ ተማሪ አፍ ላይ አያምርም። ደግሞስ ገንዘቡን ከመጠየቃችን በፊት ታሪኩን ጽፈነዋል ወይ? አቤ እንኳ፣ እናከብረዋለንና እንናገረዋለን፣ ከላይ ከላይ ያሉትን ነው የመረጠው። የአቸፈርን ባላገር ከቴዎድሮስ እኩል ስም አውጥቶ ቢጽፈው ኖሮ ዛሬ ክርክራችን ሌላ በሆነ።

የአንዳችን አያት ያን ጊዜ ልጅ ነበሩ፤ ዘጠና ዓመት አልፏቸዋል። ባለፈው ክረምት ስለ ዊንጌት ብንጠይቃቸው፣ «እሱ ደግሞ የማን ልጅ ነው?» አሉን። የሚያስታውሱት ግመል ነው። ከዚያ በፊት ግመል አይተው አያውቁም። ከሱዳን በረሃ ተነስቶ ደጋውን መቋቋም አቅቶት በመንገድ ዳር የወደቀውን ግመል፣ እናታቸው በነጠላ አፍንጫቸውን ሸፍነው እንዴት እንዳሳለፏቸው አወሩን። ከዚያ ስለ እናታቸው ቀጠሉ፤ ሌሊት ሌሊት እየፈጩ ለአርበኛ ስንቅ ስለሚሰዱት። በስልክ ቀድተነዋል። አርባ ደቂቃ ይሆናል፤ ፊልም ለመጻፍ የሚፈልግ ካለ መኝታ ክፍላችን መጥቶ ይስማው።