አንቺስ የት ተቆጠርሽ?

እህቴ፣ ይህን የምጽፍልሽ ከካይሮ፣ ከሞሃንዲሲን ነው። በቅርቡ ለአንዲት የቤት ሠራተኛ እህታችን የአረብኛ ቅጽ ስሞላላት «የቤተሰብ ብዛት» የሚል መስመር ላይ ደረስን። «አገር ቤት ስድስት ናቸው፤ እኔም ልቆጠር እንዴ?» አለችኝ። የወደፊቱን የሕዝብ ብዛት የሚተነብዩ ባለሙያዎችንም የሚያስቸግራቸው ይኸው ጥያቄ ነው።

ትንበያ ግምት ብቻ አይደለም። መነሻው ቆጠራ ነው። ሕዝቡን በዕድሜና በጾታ ይከፍሉታል። ከአምስት ዓመት በኋላ ከ20 እስከ 24 የነበሩት ከ25 እስከ 29 ይሆናሉ፤ የሞተው ይቀነሳል። ከ15 እስከ 49 ዓመት ያሉ ሴቶች የሚወልዱት ይደመራል። በመጨረሻ ወደ አገር የገባው ይደመራል፣ የወጣው ይቀነሳል።

መውለድና መሞት በአብዛኛው ቀስ እያለ ነው የሚለወጠው። ስደት ግን በአንድ ውሳኔ ይገለበጣል። በ2006 ዓ.ም. ከሳዑዲ ዓረቢያ በጥቂት ወራት ከ150 ሺህ በላይ ወገኖቻችን መመለሳቸውን አስታውሺ።

ግብፅ ሕዝቧን የቆጠረችው እ.ኤ.አ. በ2017 ነው። ከዚያ ወዲህ በሚመዘገበው ልደትና ሞት እያሰላች፣ በየካቲት 2020 መቶ ሚሊዮን መሙላቷን አስታውቃለች። የእኛ የመጨረሻ ቆጠራ ግን የ1999 ዓ.ም. ነው፤ ያኔ 74 ሚሊዮን ገደማ ነበርን። አራተኛው ቆጠራ ተደጋግሞ ተራዝሟል። ስለዚህ ዛሬ የምትሰሚው ቁጥር ሁሉ ከዚያ አሮጌ መነሻ የተሰላ ነው።

ያኔ ልጅ ነበርሽ። መውጣትሽ ካልተመዘገበ፣ በስሌቱ ዛሬም ቀበሌሽ ውስጥ አለሽ፤ ያልወለድሻቸውም ልጆች እዚያው ይወለዳሉ። ትምህርት ቤትና ጤና ጣቢያ የሚታቀደው በዚህ ቁጥር ነው። አንቺ ደግሞ በምትኖሪበት አገር ችግር ሲመጣ፣ መንግሥት ስንት ሰው መመለስ እንዳለበት አያውቅም።

የምትልኪው ገንዘብ በባንክ ሲያልፍ ይቆጠራል። ላኪዋም ልትቆጠር ይገባል እላለሁ። በሚቀጥለው ቆጠራ ለየቤቱ «ውጭ አገር ማን አለ? መቼ ሄደ?» የሚል ጥያቄ ሊኖር ይገባል። ኤምባሲዎችም ምዝገባውን ከቅጣትና ከክፍያ ለይተው ያካሂዱት፤ ወረቀት የሌላት እህት ብትፈራ አይፈረድባትም።

አንቺም እስከዚያው ለእናትሽ ደውለሽ ንገሪያት፦ ቆጣሪው ሲመጣ «ልጄ ውጭ ናት» ብላ ስምሽን፣ ዕድሜሽንና የሄድሽበትን ዓመት ትናገር። ስደት ላይ ከወለድሽም የልጅሽን የልደት ወረቀት አውጪ። ለቅጹ ባለቤት ግን ያልኳትን ልንገርሽ፦ «ሰባት ብለን እንጻፍ፤ ከጎኑም አንዷ ካይሮ ናት እንበል»።