ቤተሰብ በምድጃ ሲቆጠር

የህንድ የሕዝብ ቆጠራ አንዱን ቤተሰብ ከሌላው የሚለየው በጣሪያ ሳይሆን በማእድ ቤት ነው። በቆጠራው ደንብ አንድ ቤተሰብ የሚባሉት አብረው የሚኖሩና፣ የሥራ ጠባይ ካላራቃቸው በቀር፣ ከአንድ ማእድ ቤት የሚመገቡ ሰዎች ናቸው። በዚህም ምክንያት በአባታቸው ግቢ ተቀምጠው በአንድ በር የሚገቡና የሚወጡ ወንድማማቾች ምድጃ ከለዩ በመዝገቡ ላይ ሁለት ቤተሰብ ሆነው ይሰፍራሉ። መስፈርቱን ቆጣሪዎቹ ከራሳቸው አላመነጩትም፤ በሰሜን ህንድ ገጠር «ቹላ» የሚባለው የጭቃ ምድጃ ሁለት መሆኑ፣ መሬቱ ገና ሳይከፈል እንኳ፣ የወንድማማቾቹን መለያየት ለጎረቤት ያሳውቃል።

ወላጆች፣ ያገቡ ወንዶች ልጆቻቸው፣ ምራቶቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ሀብት ሳይከፋፈሉ የሚኖሩበት «የጋራ ቤተሰብ» በምሁራን ዘንድ ሲጠና የኖረውም በዚሁ ዓይን ነው። አንትሮፖሎጂስቷ ኢራዋቲ ካርቬ ስለ ህንድ የዝምድና ሥርዓት እ.ኤ.አ. በ1953 ባሳተሙት መጽሐፍ፣ በአንድ ምድጃ የበሰለ ምግብ መብላትን ከአንድ ጣሪያ፣ ከጋራ ንብረትና ከጋራ አምልኮ ጎን ለጎን የዚህ ቤተሰብ መለያ አድርገው አስፍረዋል። ከተማና ደመወዝ ይህን ሥርዓት እያጠፉት ነው የሚለው ሙሾ ከዚያ ወዲህ አልተቋረጠም፤ ሆኖም ሶሺዮሎጂስቱ አይ. ፒ. ዴሳይ በጉጃራት ግዛት በማሁቫ ከተማ ባደረጉት ጥናት፣ በመኖሪያ የተነጣጠሉ ቤተሰቦች በገንዘብና በግዴታ አንድ ሆነው መቀጠላቸውን አሳይተዋል። ዛሬም ቤንጋሉሩ ወይም ዱባይ ተቀጥሮ ለአባቱ ቤት ገንዘብ የሚልክና የእህቱን የሠርግ ወጪ የሚሸፍን ልጅ፣ መዝገቡ ምንም ይበል ምን፣ ለእናቱ የቤቱ ሰው ነው። እንግዲህ «የጋራ ቤተሰብ እየጠፋ ነው ወይ?» የሚለው ጥያቄ ብዙ ቀለም ፈጅቶ ጥቂት ያስተማረ ነው፤ የሚሻለው ምድጃው አንድ ሆኖ እንዲቆይ ማን ምን እንደሚከፍል መጠየቅ ነው።

ከፋይዋ በአብዛኛው ምራቷ ናት። በአብዛኛው የህንድ ክፍል ልማድ ሙሽራዋ ወደ ባሏ ወላጆች ቤት ትገባለች፤ ማእድ ቤቱም፣ እርድ፣ ከሙን፣ ሰናፍጭና በርበሬ በየጣሳቸው የሚቀመጡበት «ማሳላ ዳባ» የተባለው ክብ የብረት ሳጥንም ቀድሞውኑ የአማቷ ናቸው። በአዲስ አበባ ሲኒማ ቤቶች ለረጅም ዘመን የታየው የህንድ ፊልም አማትና ምራትን የሚያጋጨው በወርቅና በእንባ ነው፤ የየዕለቱ ጠብ ግን የጨውና የዘይት መሆኑ አይቀርም። ከሁሉ ይልቅ ነገሩን የሚያሳየው «ሮቲ» የሚባለው እርሾ የሌለው የስንዴ ቂጣ ነው። ይህ ቂጣ ከምጣዱ ተነሥቶ በእሳቱ ላይ እንደተነፋ ወዲያው መበላት አለበት፣ ሲቀዘቅዝ ይደርቃልና፤ ስለዚህ ለአማቷ፣ ለባሏና ለልጆቿ ትኩሱን አንድ በአንድ እያወጣች የምታቀርብ ሴት ከእነርሱ ጋር ለማእድ ልትቀመጥ አትችልም። በደቡብም ከሩዝና ከጥራጥሬ ሊጥ የሚጋገረው ዶሳ ተመሳሳይ ጠባይ አለው። መጨረሻ መብላቷ የሰው ትእዛዝ መሆኑ ቀርቶ የምግቡ ባሕርይ ይመስላል፤ ልማዱን ለመቃወም የሚያስቸግረውም ይኸው ነው፣ «ቆይተሽ ብዪ» ያላት ማንም የለምና። ጂዮ ቤቢ በ2021 በማላያላም ቋንቋ ያቀረበው «ታላቁ የህንድ ማእድ ቤት» የተሰኘ ፊልም ካሜራውን ከመክተፊያውና ከሚያፈሰው የዕቃ ማጠቢያ ላይ ብዙም ሳያነሣ ይህንኑ ድካም ማሳየቱ ትልቅ ክርክር ያስነሣው በዚህ ምክንያት ነው።

ሕጉ የነካው ንብረቱን ነው። የ1956ቱ የሂንዱ ውርስ ሕግ በ2005 ሲሻሻል፣ ሴት ልጅ ባልተከፋፈለው የዘር ሀብት ላይ ከወንድሟ እኩል በልደት ባለድርሻ ሆነች፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ2020፣ ማሻሻያው በወጣበት ቀን አባቷ በሕይወት ባይኖሩ እንኳ መብቷ እንደሚጸና ወሰነ። (ሙስሊሞችና ክርስቲያኖች በዚህ ሕግ አይተዳደሩም፤ በሜጋላያ በሚኖሩት ካሲዎች ዘንድ ደግሞ የወላጆችን ቤት የምትወርሰው የመጨረሻዋ ሴት ልጅ ናት።) ማሻሻያው ትልቅ እርምጃ መሆኑ አያከራክርም፤ ነገር ግን ድርሻዋ ያለው በአባቷ ቤት ሲሆን ድካሟ የሚፈሰው በአማቷ ቤት ነው።

የድካሙን መጠን መንግሥት ራሱ ለክቶታል። በ2019 በተደረገው ብሔራዊ የጊዜ አጠቃቀም ጥናት፣ ዕድሜያቸው 6 ዓመትና ከዚያ በላይ ከሆነው መካከል ያለ ክፍያ የቤት ሥራ የሚሠሩት ሴቶች 81 በመቶ ያህል፣ ወንዶች ደግሞ 26 በመቶ ያህል ነበሩ፤ ከሚሠሩትም ውስጥ ሴቶቹ በቀን በአማካይ 299 ደቂቃ፣ ወንዶቹ 97 ደቂቃ ያውሉበት ነበር። በ2024 ጥናቱ ሲደገም የሴቶቹ ጊዜ ወደ 289፣ የወንዶቹም ወደ 88 ወረደ። በ2016 የተጀመረውና ለድሃ ቤተሰብ በሴቷ ስም የማብሰያ ጋዝ የሚያስገባው የኡጅዋላ መርሐ ግብር የማገዶ ጭስን ያቃለለ ሲሆን፣ ፕሬሸር ኩከሩና የኤሌክትሪክ መፍጫውም ጊዜ ይቆጥባሉ፤ በከተማ ደግሞ አቅም ያለው ቤት ምግብ አብሳይ ይቀጥራል፣ ብዙ ጊዜም ተቀጣሪዋ ሌላ ሴት ናት። ሴቶቹ ያተረፏትን 10 ደቂቃ ወንዶች ተካፍለው ቢሆን ኖሮ የእነርሱ ጊዜ ከፍ ይል ነበር እንጂ አይወርድም ነበር።